ከቤተ መንግሥቱ ሰገነት እስከ ራይሽታግ ደጃፍ፦ የበርሊን የእግር ጉዞ መስመሬን ተቹልኝ

መንገደኛው (ክሩን የከፈተ)

ሰላም ለዚህ ቤት ሰዎች።

በርሊን ለሚመጡ ሐበሾች በአማርኛ ከተማ አስጎበኛለሁ። እስከ ዛሬ የማዞራቸው የተለመደውን ነበር፤ ግንቡ፣ በሩ፣ ፎቶ፣ በቃ። ለመጪው ጸደይ ግን አንድ ታሪክ ተከትሎ የሚሄድ ጉዞ እያሰናዳሁ ነው። ጀርመን ከዘውድ ወደ ዲሞክራሲ እንዴት ተሻገረች የሚል። መስመሩን ልንገራችሁና ያልጣማችሁን በግልጽ ንገሩኝ።

መነሻችን የድሮው ቤተ መንግሥት ነው። እዚህ ላይ እንግዳው እንዳይታለል እፈልጋለሁ። ዋናው ሕንፃ በ1945 በቦምብ ተቃጥሏል። (ዓመቶቹ ሁሉ በፈረንጅ አቆጣጠር ናቸው።) የምሥራቅ ጀርመን መንግሥት ደግሞ በ1950 የተረፈውን አፈረሰው። በ1976 እዚያው ቦታ ላይ «የሪፐብሊኩ ቤተ መንግሥት» የሚባል ሕንፃ ቆመ፤ የምሥራቁ ፓርላማም እዚያ ይሰበሰብ ነበር። እሱም በተራው ፈረሰ። ዛሬ የምናየው ሁምቦልት ፎረም ነው። በሦስት በኩል የንጉሥ ቤት ይመስላል፣ በወንዙ በኩል ግን ጥርት ያለ የዘመኑ ሕንፃ ነው።

እዚያ ቆመን ኖቬምበር 9 ቀን 1918ን እተርካለሁ። የኪል ወደብ መርከበኞች ካመፁ ሳምንት አልሞላም። ካይዘሩ (ንጉሠ ነገሥቱ) ቪልሄልም 2ኛ በርሊን የሉም፤ የጦሩ ጠቅላይ መምሪያ ያለበት ቤልጅየም፣ ስፓ ከተማ ናቸው። እኩለ ቀን አካባቢ ቻንስለሩ ልዑል ማክስ ፎን ባደን የካይዘሩን ፈቃድ ሳይጠብቁ «ከዙፋን ወርደዋል» ብለው አሳወጁ። ከቀኑ 8 ሰዓት ገደማ ሶሻል ዲሞክራቱ ፊሊፕ ሻይደማን ከፓርላማው ሕንፃ ከራይሽታግ ሆኖ ሪፐብሊክ አወጀ። 10 ሰዓት ገደማ ደግሞ የግራ አብዮተኛው ካርል ሊብክኔኽት ቤተ መንግሥቱ ውስጥ ገብቶ ከሰገነት ላይ «ነጻ ሶሻሊስት ሪፐብሊክ» አወጀ። በአንድ ከተማ፣ በአንድ ከሰዓት በኋላ፣ ሁለት ሪፐብሊክ።

ከዚያ በኡንተር ደን ሊንደን ቀጥ ብለን እንወርዳለን። በብራንደንቡርግ በር አልፈን ራይሽታግ ላይ እንጨርሳለን። በሩ ጋ አንድ ጨዋታ አለኝ። አምስት መተላለፊያ አለው፤ የመካከለኛው እስከ 1918 ድረስ ለንጉሣውያን ቤተሰብ ብቻ ነበር። ይህን ሳልናገር በየት በኩል እንደሚያልፉ አያለሁ። ሁሉም በመካከል ነው የሚያልፈው። ከዚያ ነው የምነግራቸው፤ ደስታቸው አይጣል ነው!

በእግር ከሁለት ኪሎ ሜትር ብዙም አይበልጥም፤ እየቆሙ ሲሄዱ ግን ግማሽ ቀን ይበላል። ከቤተ መንግሥት ተነስቶ ፓርላማ ላይ ማለቅ ለተመልካች ቀላል ይመስለኛል። ምን ትላላችሁ?


ስፕሬ ዳር

ወንድሜ፣ ሐሳቡ ጥሩ ነው። ግን ሰገነቱ እዚያ አይደለም!

ሊብክኔኽት የቆመበትን ደጅ የምሥራቅ ጀርመን ባለሥልጣናት ቤተ መንግሥቱን ሲያፈርሱ ለይተው አስቀሩት። ኋላ ላይ በ1960ዎቹ መጀመሪያ በሠሩት የመንግሥት ምክር ቤት ሕንፃ ግድግዳ ላይ ሰኩት። ከሁምቦልት ፎረም በስተ ደቡብ፣ አደባባዩን ተሻግረህ ታገኘዋለህ፤ ሕንፃው ዛሬ የቢዝነስ ትምህርት ቤት ነው። ሁምቦልት ፎረም ላይ የምታየው የዚያው ደጅ አዲስ ቅጂ ነው። ስለዚህ አንድ ሰገነት ሁለት ቦታ ቆሟል።

እንግዶችህን እዚያ ውሰዳቸው። ዙሪያው ሁሉ ቀጥ ያለ የስልሳዎቹ ግድግዳና መስኮት ነው። መሐሉ ላይ ድንገት አንድ ያጌጠ የንጉሥ ደጅ፣ ሰገነቱንም በትከሻቸው የተሸከሙ የሚመስሉ የድንጋይ ሰዎች። አንድ መንግሥት የንጉሥን ቤት «የፕሩሲያ ትምክህት ነው» ብሎ አፈረሰ፤ አብዮተኛ የቆመበትን ቁራጭ ግን እንደ ጽላት አስቀመጠ። እኔ አስጎብኚ ብሆን ግማሹን ሰዓት እዚሁ ነበር የምፈጀው።


ጎርፉ

ስፕሬ ዳር ትክክል ነው። እኔ ግን ጠቡን ከመነሻው ላይ ነው የማነሳው፦ 1918 መነሻ አይሆንም።

1848ን የት ጣልከው? ማርች 18 ቀን በዚያው ቤተ መንግሥት ፊት ሕዝብ ተሰብስቦ ነበር። የፕሩሲያ ንጉሥ ፍሪድሪሽ ቪልሄልም 4ኛ የፕሬስ ነጻነትና ሌሎች ለውጦች እንደሚፈቅዱ ሰምቶ፣ ግማሹ ሊያመሰግን የመጣ ሕዝብ ነው። ወታደር አደባባዩን ሊያስለቅቅ ገባ፣ ሁለት ጥይት ተተኮሰ፣ ያኔ ከተማው ተናወጠ። በየመንገዱ አጥር ተሠራ፤ ሌሊቱን ሙሉ ውጊያ ሆነ። ከሁለት መቶ በላይ ሰው ሞተ። በማግሥቱ ሕዝቡ ሬሳዎቹን ተሸክሞ ቤተ መንግሥቱ ግቢ ውስጥ አስገባና ንጉሡን ጠራቸው። ወጡ። «ባርኔጣህን አውልቅ!» ተባሉ። አወለቁ።

አንድ ንጉሥ በገዛ ግቢው ለተራ ሰው ሬሳ ባርኔጣ ሲያወልቅ ያየ ሕዝብ፣ ከዚያ በኋላ ያው ሕዝብ አይደለም። ጉዞህ መጀመር ያለበት ከዚህ ነው። ብራንደንቡርግ በርን አልፈህ በስተ ምዕራብ ያለው አደባባይም «የማርች 18 አደባባይ» ነው የሚባለው። ሰሌዳውን አሳያቸው፤ ሰዉ ፎቶ እያነሳ ይረግጠዋል እንጂ አያነበውም።


አደይ

እኔ ባለፈው ዓመት እናቴን ይዤ እዚያ ነበርኩ። ቤተ መንግሥቱ ጉልላት ላይ ትልቅ መስቀል አለ። እናቴ ገና ከሩቅ አየችውና አማተበች፤ ቤተ ክርስቲያን መስሏት። የፈረንጁ አስጎብኚ ደግሞ «ይህ መስቀል ብዙ አጨቃጭቋል» ብሎ አለፈው። መስቀል ምን አጠፋ? የምታውቁ ንገሩኝ፣ እሷም እስካሁን ትጠይቀኛለች።


ጎርፉ

አደይ፣ የእናትሽ ጥያቄ ጥሩ ጥያቄ ነው። ጭቅጭቁ ስለ መስቀሉ ብቻ አይደለም፤ ከሥሩ ስለ ዞረው ጽሑፍም ጭምር ነው። በሰማያዊ መደብ ላይ በወርቅ ፊደል ጉልላቱን ይከብበዋል። ቃሉ ከመጽሐፍ ቅዱስ ነው፤ ከሐዋርያት ሥራ ምዕራፍ 4 እና ከፊልጵስዩስ ምዕራፍ 2 የተቀጠለ። መዳን በሌላ በማንም የለም፤ በኢየሱስ ስም ጉልበት ሁሉ ይንበርከክ የሚል።

እናትሽ ብታነበው አሜን ትላለች። ነገሩ ግን ማን አጻፈው ነው። ያጻፈው ያው ባርኔጣውን ያወለቀው ንጉሥ ነው። በ1849 የፍራንክፈርቱ ጉባኤ (በ1848 አብዮት የተመረጠው የመላው ጀርመን ፓርላማ) መልእክተኞች በርሊን ድረስ መጥተው የመላው ጀርመን ንጉሠ ነገሥት ሁን አሉት። አልቀበልም አለ። ዘውድ ከእግዚአብሔር እንጂ ከተመረጠ ጉባኤ አይመጣም የሚል ሰው ነበር። ስለዚህ ብዙ ሰው ያንን ጽሑፍ የሚያነበው እንደ ጸሎት ሳይሆን ለ1848 እንደተሰጠ መልስ ነው፦ ተንበርከኩ፣ እኔ የተሾምኩት ከላይ ነው። መስቀሉ በ2020 እንደገና ሲሰቀል፣ የብዙ ሀገር ባህልና የእምነት ቅርስ በሚታይበት ሕንፃ አናት ላይ ይህ ለምን ይመለሳል ያሉ ነበሩ። ታሪኩን እንዳለ አስቀምጡት ያሉም ነበሩ።


አደይ

እግዜር ይስጥልኝ። አሁን ገባኝ። እናቴ ግን ማማተቧን አትተውም 😄


ሻሂ በሎሚ

ታሪኩን ለእናንተ ትቼ ስለ እግር ላውራ። አረጋውያን ይዘህ የምትሄድ ከሆነ ግማሽ ቀን በድንጋይ ንጣፍ ላይ ቀልድ አይደለም። ኡንተር ደን ሊንደን መሐል ላይ አግዳሚ ወንበሮች አሉ፤ ረጅሙን ወሬ እዚያ አድርገው። ሽንት ቤት ሁምቦልት ፎረም ውስጥ አለ፤ ሳትነሱ በፊት ሁሉም ይግባ።

ሌላው የራይሽታግ ጉልላት ነው። መግቢያው ነጻ ነው፣ ግን አስቀድሞ ስምና የትውልድ ቀን ተልኮ መመዝገብ ያስፈልጋል። በዕለቱም ፓስፖርት ወይም መታወቂያ ይያዝ። ዘመዶቼን ይዤ ሄጄ አንዱ አጎቴ ፓስፖርቱን ሆቴል ረስቶ በር ላይ ቀርቷል። እስካሁን ይቆጨዋል።


ዝምተኛው

ቤተ መንግሥት → ፓርላማ። እንደ ፊልም ያምራል። ለዚህም ነው የማላምነው።

በ1918 ራይሽታግ አዲስ ነገር አልነበረም። በካይዘሩ ዘመንም ፓርላማ ነበር፤ ከ25 ዓመት በላይ የሆነ ወንድ ሁሉ በሚስጥር ይመርጥ ነበር። በጀት ያጸድቅ ነበር። የጎደለው አንድ ነገር ነው፤ ቻንስለሩን የሚሾመውም የሚሽረውም ካይዘሩ ነበር። ምክር ቤቱ መጮህ ይችላል፣ ማውረድ አይችልም። ከጀርመን ግዛቶች ትልቋ በነበረችው ፕሩሲያ ውስጥ ደግሞ ለክልሉ ምክር ቤት የሚመረጠው በሦስት መደብ ነበር፤ ሰው በከፈለው ግብር ይደለደላል። ከጠቅላላው ግብር ሲሶውን የሚከፍሉት ጥቂት ሀብታሞች፣ እንደ ብዙኃኑ ድሃ እኩል ድምፅ ነበራቸው። አንዳንድ ሠፈር አንደኛው መደብ ውስጥ አንድ ሰው ብቻ የነበረበት ጊዜ አለ። ድምፁም በአደባባይ፣ በቃል ነው የሚሰጠው፤ አሠሪህ ፊት። ይህ ከ1849 እስከ 1918 ቆየ።

እና አስተውሉ፦ ሕገ መንግሥቱ ተሻሽሎ ቻንስለሩ ለፓርላማው ተጠያቂ የሆነው ኦክቶበር 28 ቀን 1918 ነው። ሰገነት የለም፣ ሕዝብ የለም፣ ፎቶ የለም። ከኖቬምበር 9 አሥራ ሁለት ቀን በፊት። ለእኔ ትልቁ ቀን ያ ነው፤ ግን ማንም ቆሞ የሚያሳየው ቦታ የለውም።


መንገደኛው (ክሩን የከፈተ)

ዝምተኛው፣ ስምህ አንተን አይመስልም!

የሦስቱን መደብ ነገር እወስዳለሁ። እንግዶቹን ራሳቸውን ከፋፍዬ ማሳየት እችላለሁ፤ አንዱን ሀብታም አድርጌ ለብቻው ላቁመው፣ ሌላውን ሁሉ አንድ ላይ። ኦክቶበር 28ን ግን የት ልቁምለት? ሳይታይ ያለፈን ነገር በእግር ጉዞ ማሳየት ከባድ ነው።


ቁጥር ወዳጅ

ራይሽታግ ደጃፍ ላይ ቁምለት። ከዓምዶቹ በላይ «ለጀርመን ሕዝብ» የሚለውን ጽሑፍ አሳይ። ሕንፃው በ1894 ነው ያለቀው፤ ፊደሎቹ ግን የተሰቀሉት በ1916 መጨረሻ፣ የአንደኛው ዓለም ጦርነት መሐል ነው። ከሃያ ዓመት በላይ ቦታው ባዶ ነበር። ካይዘሩ ያንን ሕንፃም በውስጡ የሚናገረውንም ሰው አይወዱትም ነበር፤ ሕዝቡ መቁሰልና መራብ ሲጀምር ግን ተፈቀደ። ፊደሎቹ የተቀለጡት ከናፖሊዮን ጦርነት ከተማረኩ መድፎች ነው። ያቀለጠውም የአንድ አይሁድ ቤተሰብ ፋብሪካ ነበር፤ ከቤተሰቡ አባላት ኋላ ላይ በናዚዎች የተገደሉ አሉ።

ከ1914ቱ ጋር ልታገናኘው ትችላለህ። ያን ጊዜ ካይዘሩ «ፓርቲ የሚባል አላውቅም፣ የማውቀው ጀርመኖችን ብቻ ነው» ብለው ለምክር ቤት አባላቱ ተናገሩ። የት? እንግዶችህ በተነሱበት ቤተ መንግሥት ውስጥ፣ አባላቱን አስጠርተው። እሳቸው ወደ ፓርላማ አልሄዱም፤ ፓርላማው ነው ወደ እሳቸው የሄደው።

ደግሞ ስለ ገንዘብ አንድ ነገር ጨምር፣ ሰው ይወደዋል። ዘውዱ ወረደ ማለት ንብረቱ ተወረሰ ማለት አይደለም። ካይዘሩ ሆላንድ ገብተው ዶርን ሲቀመጡ 59 የባቡር ፉርጎ ዕቃ ተልኮላቸዋል። በ1926 የቀድሞ ነገሥታትና መሳፍንት ንብረት ያለ ካሳ ይወረስ ተብሎ ሕዝበ ውሳኔ ተደረገ። 14 ሚሊዮን ተኩል ሰው ይወረስ አለ። ማለፍ የሚችለው ግን መምረጥ ከሚችለው ሰው ከግማሽ በላይ ሲደግፈው ነበር፤ ወደ 20 ሚሊዮን። ወደቀ።


ስፕሬ ዳር

59 ፉርጎ! ስደት እንዲህ ነው እንጂ።


ባለ ሙያዋ

እዚህ ክር ላይ እስካሁን አንድ ሴት ስሟ አልተጠራም። ንጉሥ፣ ቻንስለር፣ ሻይደማን፣ ሊብክኔኽት... ወገኖቼ!

ኖቬምበር 12 ቀን 1918፣ ካይዘሩ ሀገር ጥለው በወጡ በሁለተኛው ቀን፣ ጊዜያዊው መንግሥት ከ20 ዓመት በላይ የሆነ ወንድም ሴትም ይመርጣል አለ። ጃንዋሪ 19 ቀን 1919 የብሔራዊ ጉባኤ ምርጫ ሆነ። 37 ሴቶች በዚያው ቀን ተመረጡ። ጉባኤው በርሊን ሁከት ስለነበረ ቫይማር ከተማ ሄዶ ተቀመጠ። ፌብሩዋሪ 19 ቀን ማሪ ዩሃጽ የምትባል የሶሻል ዲሞክራት አባል ተነስታ ተናገረች፤ በጀርመን ብሔራዊ ጉባኤ የመጀመሪያዋ ሴት ተናጋሪ ናት። ንግግሯን «ክቡራንና ክቡራት» ብላ ስትጀምር ጉባኤው ሳቀ። ሳቁ ቃለ ጉባኤው ላይ ሳይቀር ተጽፏል። ከዚያ ቀጥላ ሴቶች ለዚህ መንግሥት የምናቀርበው ምስጋና የለም አለች፤ ያደረገው ግልጽ የሆነውን ነገር ነው፣ በግፍ ተነፍገን የነበረውን ነው የሰጠን አለች። ልብስ ሰፊ ነበረች እኮ፤ ከባሏ ተለይታ ሁለት ልጅ ያሳደገች።

መንገደኛው፣ ሊብክኔኽትን ሰገነት ላይ አቁመህ ይቺን ሴት ካልጠራሃት ጉዞህ ግማሽ ነው። ቫይማር ነው የተናገረችው አትበለኝ። ስለ 1848ም ስታወራ የምታሳየው ሬሳ የለህም፤ ትተርካለህ እንጂ።


ጎርፉ

አብዮተኛዋ ሮዛ ሉክሰምቡርግም አለች። ጃንዋሪ 15 ቀን 1919 ከሊብክኔኽት ጋር ተይዛ ተገደለች፤ ምርጫው አራት ቀን ሲቀረው። ሬሳዋን ላንድቬር ቦይ ውስጥ ጣሉት፤ የተገኘው ሜይ መጨረሻ ላይ ነው። ቦዩ ዳር ስሟ በትልልቅ ፊደል ቆሟል፣ ለመስመርህ ግን ይርቃል።


ሻሂ በሎሚ

ይርቃል፣ ይርቃል። እማማን በታክሲ ካልሆነ።


ዝምተኛው

አሁን ዋናውን ልበል። ራይሽታግ ላይ ከጨረስክ ሰው ምን ይዞ ይሄዳል? ንጉሥ ሄደ፣ ሕዝብ መጣ፣ ተፈጸመ። አልተፈጸመም።

ፌብሩዋሪ 27 ቀን 1933 ራይሽታግ ተቃጠለ። ምክር ቤቱ ፊት ለፊቱ ወደነበረው ክሮል ኦፔራ ቤት ተዛወረ። ማርች 23 ቀን እዚያ አዳራሽ ውስጥ፣ የናዚ ሚሊሻ ቆሞ እያየ፣ ሕግ የማውጣትን ሥልጣን ለሂትለር መንግሥት አሳልፎ የሚሰጥ ሕግ ቀረበ። 444 ደገፉ። 94 ተቃወሙ፤ ሁሉም ሶሻል ዲሞክራቶች። የኮሙኒስቶቹ ተመራጮች ድሮውንም እንዲገቡ አልተደረገም፤ ታስረዋል ወይ ተደብቀዋል። ንጉሥ አልነጠቀም። የተመረጠ ምክር ቤት በድምፅ ብልጫ ነው ራሱን ባዶ ያስቀረው።

ክሮል ኦፔራ ዛሬ የለም። ከራይሽታግ በስተ ምዕራብ ያለው ሣር ነው። ሰው ኳስ ይጫወትበታል፣ ይተኛበታል። አስጎብኚ ሲያልፍ ዞር ብሎ አያየውም። አንተ ግን አቁማቸው። ሣሩ ጥግ ከራይሽታግ አጠገብ ደግሞ ከመንገዱ ዳር የተደረደሩ ጥቁር የብረት ሰሌዳዎች አሉ፤ 96፣ ናዚዎች ለገደሏቸው የምክር ቤት አባላት። በየሰሌዳው ጠርዝ ላይ ስም፣ ፓርቲና የሞቱበት ቦታ ተቀርጿል። ጎንበስ ካላልክ አታነበውም።


ሻሂ በሎሚ

አንድ ጥያቄ። ዘመድ ሊጠይቅ ለሽርሽር የመጣን ሰው ሣር ላይ አቁመህ ሂትለር እየነገርክ ልትሸኘው ነው? ማታ እራት ይበላል ይሄ ሰው?


ባለ ሙያዋ

ይበላል። ሰው እኮ ሕፃን አይደለም።


መንገደኛው (ክሩን የከፈተ)

ሁላችሁንም አነበብኩ፤ እንዲህ አድርጌ አስተካከልኩት።

የምነሳው ከትምህርት ቤቱ ግድግዳ ነው፣ «ስፕሬ ዳር» ከነገረኝ ደጅ። ሊብክኔኽትን እዚያ አወራለሁ። ከዚያ ወደ ሁምቦልት ፎረም ተሻግረን ቅጂውን እያዩ 1848ን እመለስበታለሁ፤ ባርኔጣውን፣ ከዚያ ቀና ብለው ጉልላቱን። የአደይ እናት ታማትብ፣ እኔ ጽሑፉን አነብላታለሁ። በኡንተር ደን ሊንደን አግዳሚ ወንበር ላይ ሦስቱ መደብና ማሪ ዩሃጽ። እዚያ ላይ ሳትሸማቀቅ የምትናገር አንዲት እንግዳ ባገኝ ንግግሯን አስነብባታለሁ። በሩ ጋ ጨዋታዬን አልተውም።

ራይሽታግ ጋ ፊደሎቹን አሳይቼ ኦክቶበር 28ንና ሻይደማንን አከታትዬ እናገራለሁ። የሻይደማን ነገር ሰው ያስቃል፤ ሾርባውን ሲበላ ተጠርቶ እንደ ወጣ ራሱ ጽፏል። የፓርቲው መሪ ኤበርት ደግሞ ሪፐብሊክ ትሁን ሌላ የሚወስነው የሚመረጠው ጉባኤ እንጂ አንተ አይደለህም ብሎ ጠረጴዛ እየመታ እንደ ተቆጣው። የራሱ ትረካ መሆኑን ግን እናገራለሁ። የድምፅ ቅጂውም የዚያን ቀን አይደለም፤ በኋላ የተቀረጸ ነው።

ከዚያ ሣሩ። ሣሩ ላይ ግን አልጨርስም፤ ሻሂ በሎሚ እንዳይቀየመኝ አይደለም፣ የጉልላቱ ምዝገባ ሰዓት ስላለው ነው። ሣሩን ቀድመን ካላየን ከጉልላቱ ስንወርድ ይመሻል። ስለዚህ ከሣሩ በቀጥታ ወደ ፍተሻው ሰልፍ። ላይ ስንወጣ ከእግራችን በታች በመስታወት የምክር ቤቱን አዳራሽ ወንበሮች ያያሉ፤ ከጉልላቱ ዙሪያ ደግሞ ሣሩን እንደገና ከላይ ያዩታል። የሚነገረው እታች ስላለቀ እዚያ እኔ ዝም እላለሁ፤ ፎቶ ያንሱ።


ዝምተኛው

ይሁን። 444 እና 94 የሚለውን ግን እታች ሳሉ ንገራቸው። ላይ ከወጡ በኋላ ማንም አይሰማህም።


አደይ

እናቴ በሚያዝያ ትመጣለች። ሁለት ሰው መዝግበን። ፓስፖርቷን እኔ እይዛለሁ።


መንገደኛው (ክሩን የከፈተ)

ተመዝግቧል። ስምና የትውልድ ቀን እዚህ ሳይሆን በግል መልእክት ላኪልኝ። በጉዞው ቀንም ጠዋት 3 ሰዓት ላይ ደጁ ጋ እንገናኝ፤ እውነተኛው ደጅ ጋ፣ ቅጂው ጋ እንዳትሄዱ።